የባኮ ሳል፣ የደንዲ ጦስኝ

በዚህ አገር ሳል የግል ጉዳይ አይደለም። ካላመናችሁኝ ከአምቦ ወደ ጉደር በሚሄድ ሚኒባስ ተሳፈሩና ሁለት ጊዜ እህ እህ በሉ። ጉደር ሳትደርሱ ሙሉ ማዘዣ ይዛችሁ ትወርዳላችሁ። ከፊት የተቀመጡት እናት ነጭ ሽንኩርት በማር ያዝዛሉ፤ ረዳቱ ሒሳብ እየሰበሰበ ዝንጅብል ይጨምርበታል፤ ከኋላ ያለው ወጣት ስልኩን አውጥቶ ሎሚ በፍል ውኃ ካልሆነ ሞቼ እገኛለሁ ይላል፤ አንዷ ዳማከሴ፣ ሌላዋ ፌጦ፣ ሦስተኛዋ ደግሞ የምታውቀውን ጠበል ትጠቁማለች። ሾፌሩ ብቻ ዝም ይላል። እሱም ዝም የሚለው ብርዱ የሚገባበትን መስኮት የከፈተው ራሱ ስለሆነ ነው። «ሐኪም ቤት ሂዱ» የሚላችሁ ሰው ካጋጠማችሁ ለአገሩ እንግዳ ቢሆን ነው።

እኔ የተወለድኩት ደንዲ ተራራ ትከሻ ላይ ነው። ስለዚህ የእኔ ማዘዣ አንድ ብቻ ነች፤ ጦስኝ። ጦስኝን የምታውቋት ታውቋታላችሁ። ለማታውቋት፣ ማንም አይተክላትም፣ ማንም አይኮተኩታትም፤ ብርድ በበዛበት ደጋ መሬት ለመሬት ተነጥፋ ትበቅላለች። ቅጠሏ ከምስር ፍሬ አይበልጥም፣ አበባዋ ወደ ወይን ጠጅ ያደላል፣ ረግጣችኋት ካለፋችሁ ሽታዋ ተከትሏችሁ ቤት ይገባል። አድርቆ፣ ቆንጠር አድርጎ፣ የፈላ ውኃ ውስጥ ጣል ማድረግ ነው። አሁን አሁን አዲስ አበባ ውስጥ በላስቲክ ታሽጋ፣ የተራራ ሥዕል ተለጥፎባት፣ «ኦርጋኒክ» ተብላ ትሸጣለች ሲሉ ሰምቻለሁ። ከተሜ ሆናለች ማለት ነው። እኛ ግን አሁንም አምቦ ገበያ ከተራራ ከሚወርዱ እናቶች በጭብጥ በጭብጥ እንገዛታለን።

የደንዲ ሰው ቤቱ ውስጥ ሰው ሲስል ከሰማ ይነሳና ጀበናም ይሁን ብረት ድስት፣ ያገኘውን እሳት ላይ ይጥዳል። ማን ነህ፣ ከየት መጣህ፣ ምን ፈለግህ የሚባለው ከዚያ በኋላ ነው። አባቴ በድንበር ይካሰሱት የነበረው ጎረቤታችን አንድ ቀን ደጃችን ድረስ መጥቶ ሲሰድባቸው ሳል አነቀው። አባቴ ክርክሩን አቋርጠው ገቡ፣ ጦስኝ አፍልተው አጠጡት፣ ሰውየው ደረቱ ለቀቅ ሲልለት ስድቡን ካቆሙበት ቀጠሉ። ይህን ደግነት እንዳትሉብኝ። ደግነት ቢሆን ኖሮ ሰው አስቦበት ይተወው ነበር። ልማድ ግን የራሱ እግር አለው፤ ሳታዙት ይነሳል።

እግር ካነሳን አይቀር የእኔንም እግር ነገር ልንገራችሁ። አምቦ ዋናው መንገድ ዳር የቆርቆሮና የሚስማር ሱቅ አለኝ። ባለሱቅ ቁጭ ብሎ ይውላል ትሉ ይሆናል። እኔ መቀመጥ አይሆንልኝም። ከባንኮኒ ወደ በር፣ ከበር ወደ ባንኮኒ፣ መኪና ካለፈ ለማየት፣ ካላለፈ ለምን እንዳላለፈ ለማጣራት። ባለቤቴ አስካለ «ይሄ ሰውዬ ሲሞትም ሳጥኑ ውስጥ መንቆራጠጡን አይተውም» ትላለች። ሐኪሙ ደም ብዛት አለብህ፣ ቡና ተው ካለኝ ወዲህ ደግሞ ከምድጃችን ላይ የጦስኝ ማንቆርቆሪያ ወርዶ አያውቅም። እሷን ስጠጣ ረጋ እላለሁ። ቢያንስ ብርጭቆው ትኩስ ስለሆነ ይዤው መሮጥ አልችልም።

ሁለት ወንዶች ልጆች አሉኝ፤ አንዱ አዳማ፣ አንዱ ሐዋሳ። በዓል ሲመጣ ይደውላሉ፤ አባታቸው ደህና መሆኔን ከጠየቁ በኋላ «እማዬን አቅርባት» ይሉኛል። ቤት የቀረችው ሴት ልጄ ሌንሳ ነች። ጉደር ታስተምራለች፤ ጠዋት በሚኒባስ ትሄዳለች፣ ወደ አመሻሹ ላይ ከሱቄ ፊት ለፊት ትወርዳለች። ሱቁን ዘግተን አብረን ወደ ቤት እንሄዳለን። መንገዱ አጭር ነው፤ እሷ ግን ታስረዝመዋለች። የትኛው ተማሪ ምን እንዳለ፣ ርዕሰ መምህሩ ስብሰባ ላይ እንዴት እንዳንቀላፉ፣ ሁሉንም በድምፃቸው እያስመሰለች ታወራኛለች። እኔ ቀኑን ሙሉ የምንቆራጠጠው ያቺን ሰዓት ስጠብቅ መሆኑን ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ለእናንተ ነገርኳችሁ፤ በዚሁ ይቅር።

እንግዲህ በዚያ ጥቅምት፣ ረቡዕ ቀን፣ አስካለ ምሳ እያቀረበች «እሁድ ሰዎች ይመጣሉ» አለችኝ።

«የምን ሰዎች?»

«ሰዎች ናቸዋ።»

«ከየት?»

«ከባኮ።»

ከባኮ ተነስቶ እኔ ዘንድ ሚስማር ሊገዛ የሚመጣ ሰው የለም። ነገሩ ወዲያው ገባኝ፤ ያልገባኝ መሰልኩ። የእኛ ቤት ደንብ እንዲህ ነው፤ ልጅ ለእናቷ ትናገራለች፣ እናት ለአባት እየቆነጠረች ታቀብለዋለች፣ አባት በመጨረሻ ቀን ዱብ ዕዳ እንደወረደበት ሰው ይደነግጣል። እኔ ግን ልጁን ከማንም በፊት አውቄዋለሁ። ፈይሳ ይባላል፤ ባኮ የበቆሎ ባለሙያ ነው። ሱቄ እየመጣ የበር ማጠፊያ ይገዛል። መጀመሪያ ሲገዛ ምንም አላልኩም። ሲደጋግመው ግን አንድ ቤት ስንት በር ቢኖረው ነው ብዬ መጠርጠር ጀመርኩ። ማጠፊያውን እያገላበጠ ዓይኑ የሚኒባሱ መቆሚያ ላይ ነበር።

ልጁ ክፉ አይደለም፤ ክፋት ፈልጌበት አጥቻለሁ። ሆኖም ውሳኔዬን ያን ዕለት ወሰንኩ፤ ሽማግሌዎቹን ሦስት ጊዜ እመልሳቸዋለሁ። መጀመሪያ «ዘመድ እንማከር»፣ ቀጥሎ «አጎቷ ከጊምቢ ይምጣ»፣ ሦስተኛውን ያኔ እንደርስበታለን። ጎረቤቴ መምህር በቀለ በእኛ ወገን ሆኖ እንዲናገር ለመንኩት። ጡረታ የወጣ የታሪክ አስተማሪ ነው፤ በአምቦ ከተማ ከእሱ የበለጠ ቀጥተኛ ሰው የለም፤ ይህም ምን ያህል ጉዳት እንዳለው ወደ በኋላ ታዩታላችሁ። «ለምን ሦስት ጊዜ?» ሲለኝ «ቶሎ የተሰጠች ልጅ ትረክሳለች፤ የቤቴን ክብር ልጠብቅ ነው» አልኩት። ውሸቴን ነበር። ልጄ እንዳትሄድብኝ ነው፤ ሌላ ምንም ምሥጢር የለውም። በእኔ ስሌት በዚህ አካሄድ ሌንሳ እስከሚቀጥለው መስከረም ከእኔ ጋር ወደ ቤት ትሄዳለች።

ሐሙስና ዓርብ ሱቄ ውስጥ ያለውን ሚስማር ሁሉ ከአንዱ ሣጥን ወደ ሌላው ገለበጥኩ። ቅዳሜ መልሼ ገለበጥኩት። ደንበኛ ሲመጣ ባለ ስምንቱን ሲጠይቀኝ ባለ አስሩን እሰጠዋለሁ። ቤት ስገባ አስካለ ዶሮ እየገነጠለች አገኘኋት።

«ይሄ ለማን ነው?»

«ለእሁድ።»

«እሁድ እኮ እንቢ ነው የምንለው!»

«እንቢ ያለ ሰው ዶሮ አይበላም?» አለችኝና ብልቱን መቁጠሯን ቀጠለች። ሴትየዋ ለእሺም ለእንቢም የሚሆን ወጥ እየሠራች መሆኑን ያየሁት ያኔ ነው። ሌንሳ ከጎኗ ተቀምጣ ሽንኩርት ትልጣለች። ዓይኗ እንባ አቅርሯል፤ ሽንኩርት ነው ብዬ አለፍኩት።

እሁድ ቅዳሴ እንደወጣ መጡ። ሦስት ናቸው። ዋናው ተናጋሪ ኦቦ ደመቅሳ ቁመተ ረጅም፣ ነጭ ጋቢ የለበሱ፣ ንግግር ሲጀምሩ በትራቸውን መሬት ላይ ተከል የሚያደርጉ አዛውንት ናቸው። ሁለተኛው ሐጂ ከማል፣ ባኮ ሰፊ ሱቅ ያላቸው፣ የሁለት ነጋዴ ጠብ ሲበረታ የሚጠሩ ሰው ናቸው አሉ። ሦስተኛው ኦቦ ቶሎሳ የልጁ አጎት ናቸው። ኦቦ ቶሎሳ ከባኮ ሙቀት እንደወጡ በስስ ኮት ነው የመጡት። የጥቅምትን ብርድ ታውቁታላችሁ፤ በጥቅምት አንድ አጥንት የተባለው ወዶ አይደለም። ሰውየው ገና በራችን ላይ ሲደርሱ ከንፈራቸው ነጥቷል።

«አካም ቡልተኒ!» ተባባልን። ደህንነት ተጠያየቅን፤ ስለ ከብቱ፣ ስለ ዝናቡ፣ ስለ በቆሎው፣ ስለ መንገዱ ሰላም ተጠያየቅን። በኦሮምኛ ተጀመረ፣ በአማርኛ ተመለሰ፣ እንደገና በኦሮምኛ ተመረቀ። ከብዙ ልመና በኋላ ተቀመጡ። አስካለ ውኃ ይዛ ብትቀርብ ኦቦ ደመቅሳ እጃቸውን አነሱ፤ «ቆይ እመቤት፣ ጉዳያችን ይቅደም» አሉ።

እዚህ ላይ ሕጉን ላስረዳችሁ፤ ያለ እሱ የእኔ ጥፋት አይገባችሁም። ለልጅ የመጣ ሽማግሌ መልስ ሳይሰጠው የሴቷን ቤት እህል ውኃ አይቀምስም። እንዲቀምስም አይሰጠውም። ከቀመሰ ቤቱ ተቀብሎታል ማለት ነው፤ ከዚያ ወዲያ «ዘመድ እንማከር» የለም። ስለዚህ ሊመልስ ያሰበ አባት ከሁሉ አስቀድሞ ብርጭቆውን ይጠብቃል። እኔም ጠብቄያለሁ። ከጠዋት ጀምሮ አስካለን «ውኃም ቢሆን!» ስላት ነው የዋልኩት። ውኃውን ማቅረቧም እኔን ለመፈታተን እንደነበር አላጣሁትም።

ኦቦ ደመቅሳ በትራቸውን ተከል አድርገው ቆሙ። «ከባኮ ድረስ የመጣነው» አሉ፣ «ልጃችንን ልጅ አድርጋችሁ ተቀበሉን፣ ልጃችሁንም ስጡን ልንል ነው።» ስለ ፈይሳ ቤተሰብ ተናገሩ፤ ስለ አያቱ፣ ስለ አያቱ አባት፤ ሦስተኛው ትውልድ ላይ ሲደርሱ ኦቦ ቶሎሳ ሳላቸው መጣ። መጀመሪያ በጋቢያቸው—ይቅርታ፣ ጋቢ አልነበራቸውም፣ በስሷ ኮታቸው እጅጌ—አፈኑት። አልታፈነም። ደረቅ ሳል ነው፤ ከሆድ ተነስቶ ጉሮሮ ላይ የሚቆም። ኦቦ ደመቅሳ ንግግራቸውን ገታ አደረጉ፣ ቀጠሉ፣ ደግመው ገታ አደረጉ። ኦቦ ቶሎሳ ፊታቸው በርበሬ መሰለ፣ ዓይናቸው እንባ ሞላ።

ከዚህ ቀጥሎ ምን እንዳደረግሁ በደንብ የማውቀው መምህር በቀለና አስካለ ከነገሩኝ ነው። እኔ የማስታውሰው ሳሉን ነው፤ ቀጥሎ የማስታውሰው ኦቦ ቶሎሳ ከእጄ ብርጭቆ ተቀብለው በሁለት እጃቸው ይዘው ሲጠጡ ነው። በመሃል ያለውን የሠራው እግሬ ነው። ተነስቼ ጓዳ ገብቻለሁ፤ ማንቆርቆሪያዬን አንስቻለሁ፤ ማር ጠብ አድርጌበታለሁ፤ አስካለ አይታኝ መንገድ ለቅቃልኛለች፤ ወጥቼ «ትኩሱን፣ ትኩሱን ይጠጡ፣ ደረትዎን ይፈታዋል» ብያለሁ። ኦቦ ቶሎሳም ሰው ናቸው፤ ሞትና ሕግ ፊታቸው ቀርበውላቸው ሕይወትን መረጡ። ብርጭቆውን እስከ አተላው ጨለጡት።

መምህር በቀለ ኮርኒሱን ያያል። ሐጂ ከማል ጢማቸውን ዳበስ ዳበስ አደረጉ። ኦቦ ደመቅሳ ቀስ ብለው ተቀመጡ፤ የጀመሩትን ትውልድ እንኳ አልጨረሱም። «ገላቶማ፣ ኦቦ ጌታቸው» አሉኝ። «እግዜር ይስጥልን። ቤታችሁን ቀመስን።»

«መድኃኒት ነው!» ብዬ ጮህኩ።

«ምን አሉ?»

«የሰጠሁት መድኃኒት ነው፣ መስተንግዶ አይደለም! ሰው ሲያመው…»

ኦቦ ደመቅሳ ወደ ሐጂ ከማል ዞሩ። ሐጂ ጉዳዩን እንደ ከባድ ሙግት ያዙት። «መድኃኒት ከሆነ ይለያል» አሉ። «ምን ገብቶበታል?»

«ጦስኝ ብቻ።»

«ብቻ?»

«…ማርም አለበት።»

«ማር» አሉ ሐጂ፣ ቃሉን ወደ ኦቦ ደመቅሳ አሻገሩት። «ማርም» አሉ ኦቦ ደመቅሳ። እኔ ወገኔን ፈለግሁ፤ ወደ መምህር በቀለ ዞርኩ። ይናገርልኝ ዘንድ በዓይኔ ለመንኩት። በቀለ አሰበ። አስቦ፣ ያ የተረገመ ቀጥተኛነቱ ተነሳበት። «እውነቱን ለመናገር» አለ፣ «በጾም ቀን ሰዓት ሳይደርስ ጦስኝ አንጠጣም። ጾም ያስገድፋል። የሚያስገድፍ ከሆነ ደግሞ እህል ውኃ ነው ማለት ነው።»

«በእኛም በረመዳን ያስፈጥራል» አሉ ሐጂ ከማል ደስ እያላቸው። «መድኃኒትም ይሁን ምግብ፣ በጉሮሮ ከወረደ ያው ነው።»

ሃይማኖቶች በአንድ ቃል ሲስማሙ አይቼ አላውቅም ነበር። በእኔ ላይ ተስማሙ። ያም ሆኖ እጄን አልሰጠሁም፤ ደምሥሬ ተነስቶ ወዲያ ወዲህ እያልኩ መድኃኒት ነው፣ መድኃኒት ነው እላለሁ። ኦቦ ደመቅሳ ደግሞ ጨዋ ሰው ናቸው፤ «መድኃኒት ነው ካሉ መድኃኒት ይሁን» አሉ። «እኛ አንጣላም። ግን በሽተኛ ከሕክምና መሃል አይነሳም። ኦቦ ቶሎሳ እዚሁ ይተኛሉ፤ እኛም አስታማሚ ነን፣ ጥለናቸው አንሄድም። ቶሎሳ፣ ሳልህ ብዙ ይቆይብሃል?»

«ኧረ ሰንባች ነው!» አሉ ኦቦ ቶሎሳ በአዲሱ ድምፃቸው። «አምና ጀምሮኝ የተወኝ ለፋሲካ ነው።»

ሳቄ ሳላስበው አመለጠኝ። ሦስቱም ሳቁ፤ ከጓዳም የአስካለ ሳቅ መጣ። ኦቦ ቶሎሳ ብርጭቆውን እያሸተቱ «ይሄ ነገር ስሙ ማን አላችሁት? ባኮ የለም እኮ። ሥሩን ብትሰጡኝ ወስጄ ልተክለው» አሉ።

«ባኮ አይሆንም» አልኩ። «ሙቀት ነው። የብርድ ልጅ ነች፤ ወስዳችሁ ብትተክሏት ትጠወልጋለች። ሰው አገሯን ሳያውቅ መንቀል ብቻ! የሚንከባከባት ማን አለ እዚያ?»

ለአንዲት ቅጠል ይህን ያህል መቆጣት አልነበረብኝም። ድምፄ ሲሰበር ለራሴም ተሰማኝ። ሌሎቹ ግራ ገብቷቸው ያዩኛል፤ ኦቦ ደመቅሳ ግን በትራቸውን አጋድመው አስቀመጡና ከመጡ ለመጀመሪያ ጊዜ እንደ ሽማግሌ ሳይሆን እንደ ሰው ተናገሩኝ።

«ኦቦ ጌታቸው፣ እኔም ሴት ልጆች ድሬአለሁ። የመጨረሻዋን ስድር ሽማግሌዎቹን እስኪሰለቻቸው መለስኳቸው። ውሻ ሁሉ ፈትቼባቸዋለሁ። በመጨረሻ ሄደች። ቤቱ ያው ባዶ ሆነ፤ እሷ ግን የፈቀድኩላት ሳይሆን የተሸነፍኩላት መስሏት ሄደች። ይኸው እስካሁን ይቆጨኛል።»

ወደ ጓዳው በር አየሁ። ከመጋረጃው ሥር የሌንሳ ነጠላ ጫማ ይታያል። አንዱ እግር በሌላው ላይ ተደርቧል፤ ጣቶቿ ይንቀሳቀሳሉ፤ መቆም አልቻለችም። የእኔ ልጅ ነች፣ እንዴት ትቁም። ልጄ በሩ ሥር ቆማ «እሺ» የምትል አንዲት ቃል እየጠበቀች፣ እኔ ስለ ማርና ስለ ጾም እከራከራለሁ! በራሴ አፈርኩ። አንድ ጊዜ እንኳ ለራሴ ሳይሆን ለእሷ ብዬ ልናገር አልኩ።

«እሺ» አልኩ። «ሰጥቻችኋለሁ።»

መምህር በቀለ «እንዴ?» አለ። እልልታው ግን ቀደመው። አስካለ እልልታውን ከየት እንዳመጣችው አላውቅም፤ ጉሮሮዋ ላይ አስቀምጣው ነበር መሰለኝ። ዶሮው ገና እሺ ከአፌ ሳይደርቅ ጠረጴዛው ላይ ደረሰ፤ ለሐጂ ከማልም ለብቻው የተሠራው ወጥ ቀረበ። ይህን ሁሉ መቼ አሰበችው? በሉ፣ ጠጡ፣ መረቁ። ሠርጉ ከፋሲካ በኋላ እንዲሆን ተቆረጠ። ኦቦ ቶሎሳ ብቻቸውን አንድ ማንቆርቆሪያ ጦስኝ ጨረሱ። ሲሄዱ አንዳንድ ጭብጥ ቋጠርኩላቸው፤ ደስ ብሏቸው ሄዱ።

ሸኝቼ ስመለስ ሌንሳን ጓሮ አገኘኋት። ልብስ ማጠቢያው ድንጋይ ላይ ተቀምጣለች፣ ታለቅሳለች። የደስታ ነው ብዬ እኔም ዓይኔን ላብስ ምንም አልቀረኝም።

«አባዬ» አለችኝ፣ «ምን ነካህ?»

«ምን ነካኝ?»

«ለምን እሺ አልካቸው?»

«ፈይሳን አትወጂውም እንዴ?»

«እወደዋለሁ። እወደዋለሁ፤ ግን ገና ነኝ። እናንተን ትቼ፣ ተማሪዎቼን ትቼ፣ ባኮ…» እንባዋ መጣ። «እኔ ቆይ ብለው ይከፋዋል፤ የማልፈልገው ይመስለዋል። ሽማግሌ ልላክ ሲለኝ እሺ ያልኩት አንተን ተማምኜ እኮ ነው። አባዬ ሦስት ጊዜ ሳይመልሳቸው አይለቅም፣ እስከዚያ ልቤ ይቆርጣል ብዬ! አንተ በሕይወትህ ቶሎ እሺ ያልከው ነገር አለ? ዛሬ ብቻ!»

ደስ አለኝ፤ ደስ በማለቴ አፈርኩ፤ እንደገና ደስ አለኝ። ጎኗ ቁጭ አልኩና «በይ ደውዪለት» አልኳት። «እውነቱን ንገሪው። የምትጋቡ ሰዎች አይደላችሁ?»

ደወለች። ድምፁ ለእኔም ይሰማኛል።

«ፈይሳ፣ አባቴ እሺ አለ።»

«ዛሬ?» አለ።

«ዛሬ።»

«ዛሬውኑ? በአንድ ጊዜ?» ድምፁ ቀጥኖ ሄደ። «ሌንሳ፣ እኔ እኮ… ኦቦ ጌታቸው ቢያንስ እስከ ክረምት ያመላልሱናል ብዬ… ቤት እንኳ አልተከራየሁም!»

ታዲያ ያን ሁሉ ማጠፊያ የት ነው የሰቀለው ብዬ ስልኩን ልቀማት ነበር፤ እሷ እያለቀሰች መሳቅ ስለጀመረች ተውኩት። ለካስ እኔ የቤቴን ክብር ስጠብቅ፣ ከአምቦ እስከ ባኮ ያለ ሰው ሁሉ የእኔን እንቢታ ተደግፎ ቆሞ ኖሯል። የአገራችን ነገር እንዲህ ነው። እሺን ሁሉም በራሱ አፍ ይላታል፤ እንቢ የምትባለዋን ግን ሌላ ሰው እንዲልለት ያስቀምጣል። የሰፈር ሁሉ እንቢታ እኔ ዘንድ አደራ ተቀምጦ ሳለ፣ እኔ በአንድ ብርጭቆ ጦስኝ አስረክቤው አረፍኩ።

ሠርጉን እናዘግየው የሚል ሐሳብ በርግጥ ተነስቷል። ለሽማግሌዎቹ ማን ይንገራቸው ተባለ። ሌንሳ ፈይሳ ይንገራቸው አለች። ፈይሳ ለአጎቱ ይህን ማለት እንደሚከብደው ተናገረ። አስካለ እኔ የለሁበትም አለች። መምህር በቀለን ብጠይቀው «ለሽማግሌ ሽማግሌ ሲላክ በታሪክ አላጋጠመኝም» አለኝ። ስለዚህ ማንም ምንም አልተናገረም፤ ፋሲካም ቀኑን ጠብቆ ደረሰ።

ሠርጉ ያማረ ነበር። ማዘግየት የፈለግን ሁላችንም እኩል ጨፈርን። ሙሽሮቹ ሲወጡ መኪናው ደጃችን ላይ ቆመ፣ ሚዜዎቹ እየዘፈኑ ከበቡት። ሌንሳ መስኮቱን ዝቅ አድርጋ ጠራችኝ። ሰው እየገፋሁ ደረስኩ። እጄን ያዘችኝ። እየሳቀች ነበር፤ ዓይኗ ግን ሌላ ነገር ይላል።

«አባዬ» አለችኝ፣ «አሁንም እንቢ ማለት ትችላለህ እኮ።»

መልሱ ጉሮሮዬ ላይ ነበር። ዋጥኩት።

«ሂጂ ልጄ፣ ሂጂ» አልኳት። «ባኮ ሩቅ ነው፣ ይመሽባችኋል።»

ገና ከቀኑ ስድስት ሰዓት ነበር።